ያልሰማሁትን ቃል እንዴት ላንብበው? የሜሪያም ዌብስተር መዝገበ ቃላት በጆሮ ሲፈተን

ሥራዬ ጮክ ብሎ ማንበብ ነው። ዓይናቸው ለማያይ ተማሪዎች የእንግሊዝኛ መጻሕፍትን በድምፅ እቀርጻለሁ። ያለኝ ዕቃ ትንሽ ነው። አንድ ማይክሮፎን፣ ድምፅ እንዳያስገባ በሩ ላይ የሰቀልኩት ብርድ ልብስ፣ እርሳስ፣ ስልክ። ለራሱ የሚያነብ ሰው የማያውቀው ቃል ሲገጥመው በዓይኑ ዘለል አድርጎት ያልፋል። ትርጉሙን ከዐውዱ ይገምታል። አነባበቡ ደግሞ ጭራሽ አያስጨንቀውም። እኔ መዝለል አልችልም። ገጹ ላይ ያለው ሁሉ ከአፌ መውጣት አለበት።

ስለዚህ ስለ መዝገበ ቃላት የምጽፈው እንደ ቋንቋ ምሁር አይደለም። ስህተቱ ተቀርጾ እንደሚቀርበት አንባቢ ነው።

ነገሩ የጀመረው በአንድ ቃል ነው። የድሮ የመርከብ ጉዞ ታሪክ እየቀረጽኩ ነበር። መርከበኞቹ ስንቅ ይጭናሉ፣ ስንቅ ያልቅባቸዋል፣ በስንቅ ይጣላሉ። ደራሲው ለስንቁ የሚጠቀምበት ቃል በፊደል ሲቆጠር ቪ፣ አይ፣ ሲ፣ ቲ፣ ዩ፣ ኤ፣ ኤል፣ ኤስ ነው። ያኔ ስልኬ ላይ አንድ አፕ ነበረኝ፤ ስሙን መጥራት አልፈልግም። ቃሉን ስትጽፉለት በማሽን ድምፅ ያነብላችኋል። ጻፍኩለት። ፊደሎቹን ተከትሎ «ቪክቹዋልስ» አለኝ። አመንኩት። ከሃያ ጊዜ በላይ «ቪክቹዋልስ» እያልኩ መጽሐፉን ጨረስኩ።

ከጥቂት ቀናት በኋላ ከአንዲት አድማጭ መልእክት መጣልኝ። «እትዬ፣ ስለ ድካምዎ እግዜር ይስጥልኝ። አንድ ነገር ግራ ገብቶኝ ነው። መምህራችን ‹ቪትልዝ› የሚሉት ቃል አለ፣ ስንቅ ማለት ነው ብለውናል። እርስዎ ደግሞ ‹ቪክቹዋልስ› ይላሉ። ሁለት ቃል ነው ወይስ አንድ?»

አንድ ነው። ትክክለኛው መምህሩ ያሉት ነው። ሲዋም ዩዋም አይነበቡም።

ያን ቀን ሌላ ሥራ መሥራት አልቻልኩም። ዓይን ያለው ተማሪ ቢሆን ፊደሉን አይቶ «አሃ፣ ያው ቃል ነው» ይላል። እሷ ግን የምታውቀው ድምፁን ብቻ ነው። ድምፁን ሳበላሽባት ቃሉን ራሱን ነው የቀማኋት። መጽሐፉን ከፍቼ ቃሉ ያለበትን ዓረፍተ ነገር ሁሉ እንደገና ቀረጽኩ። አፑን አጠፋሁት። ሰው የሚያነብበት መዝገበ ቃላት ፍለጋ ገባሁ። ከብዙ ሙከራ በኋላ ሜሪያም ዌብስተር ድረ ገጽ ላይ ረጋሁ። እነሆ ሁለት ዓመት አለፈኝ፤ አሁን ስለ እሱ የምናገረው አለኝ።

ስለ ድርጅቱ ጥቂት ልበል። (ዓመቶቹን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው የምጽፈው።) ዌብስተር የተባለው ኖኅ ዌብስተር ነው። በ1828 ዓ.ም. 70,000 ያህል ቃላት የያዘ መዝገበ ቃላት በሁለት ቅጽ አሳተመ። የቃላትን ምንጭ ለማወቅ ብዙ ቋንቋዎችን ከእንግሊዝኛ ጋር አነጻጽሯል፤ የኛን ግዕዝ እንኳ አልተወም። የምንጭ ግምቶቹ አብዛኞቹ በኋላ ዘመን ምሁራን ውድቅ ሆነዋል፤ ድካሙ ግን ይደንቀኛል። በ1843 ሲሞት ጆርጅና ቻርልስ ሜሪያም የሚባሉ ወንድማማቾች መብቱን ገዙ። ስሙ የተጣመረው ከዚያ ወዲህ ነው። ድርጅቱ ዛሬም ማሳቹሴትስ ውስጥ ስፕሪንግፊልድ ላይ አለ።

ወደ ገጹ ልመለስ። ያንኑ የስንቅ ቃል ጻፍኩበት። መጀመሪያ ያየሁት ትንሽ የድምፅ ማጉያ ምልክት ነው። ስነካው የሰው ድምፅ መጣ። አጭርና ጥርት ያለ፤ «ቪትልዝ»። ከሥሩ ትርጉሙ፣ ዝቅ ሲል ደግሞ የቃሉ ታሪክ። እንግሊዞች ቃሉን የወሰዱት ከድሮ ፈረንሳይኛ ነው። ሲወስዱት ሲ አልነበረበትም፤ ሲጠሩትም እንደ ዛሬው ያለ ሲ ነበር። በኋላ ላቲን የሚያውቁ ሰዎች መጡና «የላቲኑ ሥር ሲ አለበት» ብለው ፊደሉን ጨመሩበት። ጻፉት፤ የሕዝቡ አፍ ግን አልተከተላቸውም። እስከ ዛሬ በብዕር ሌላ፣ በአፍ ሌላ ሆኖ ቀረ።

ይህን ሳነብ በጣም ደስ አለኝ። አነባበቡ ዝም ብሎ የመጣ እንግዳ ነገር እንዳልሆነ ገባኝ። ምክንያት ያለው ነገር ደግሞ አይረሳም። ከዚያ ቀን ወዲህ ቃሉን አንዴም አልተሳሳትኩትም።

የመርከበኞች ቃላት ሁሉ እንዲህ ናቸው። የመርከብ ዕቃና ሠራተኞች ኃላፊ የሆነው ሰው ሲጻፍ «ቦትስዌይን» ይመስላል፤ የሚባለው «ቦስን» ነው። በመርከብ ፊት ለፊት ያለው የመርከበኞች ማደሪያ «ፎርካስል» ተብሎ የተጻፈ ይመስላል፤ አፍ ላይ «ፎክስል» ነው። በንፋስና በማዕበል መሀል የሚጮህ ሰው ቃሉን ማሳጠሩ አያስገርምም። ማሽኑ ግን መርከብ ላይ ወጥቶ አያውቅም።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልግባ። ይህ መዝገበ ቃላት ለአማርኛ ተናጋሪ የተለየ ጥቅም አለው እላለሁ፤ ምክንያቴን ላስረዳ።

በእያንዳንዱ ቃል ሥር አነባበቡ በምልክት ተጽፎ ይገኛል። ከምልክቶቹ መሀል አብዝታ የምትታየው ተገልብጣ የተጻፈች የኢ ፊደል ናት። በእንግሊዝኛ ከአናባቢዎች ሁሉ አብዝታ የምትሰማው ድምፅ እሷ ናት። ኃይል ያላረፈበት ክፍለ ቃል ላይ ኤውም፣ ኦውም፣ ኢውም፣ አይውም ወደ እሷ ይቀልጣሉ። የብዙ አገር ተማሪዎች ይህቺን ድምፅ ለማውጣት ፍዳቸውን ያያሉ። እኛ ግን «ኧ» የሚል ፊደል አለን። «ከበደ» ስንል ሦስቴ ትመጣለች ማለት ይቻላል። በግዕዝ ፊደል የመጀመሪያው ረድፍ ከሞላ ጎደል እሷን የተሸከመ ነው፤ በ፣ ደ፣ ከ፣ ለ። ፍጹም አንድ ናቸው ባልልም በጣም ይቀራረባሉ።

ታዲያ ምን አደረግሁ? የተገለበጠችውን ኢ ባየሁ ቁጥር የመጀመሪያውን ረድፍ ፊደል መጻፍ ጀመርኩ። በአንድ ክፍል ሙሉውን መጥራት የሚባለውን የአነጋገር ዘይቤ እንውሰድ፤ «መቶ ራስ ከብት» ሲባል ራስ ተጠርቶ ከብቱ ሙሉ እንደሚታሰበው ያለ። የዚህ ዘይቤ የእንግሊዝኛ ስም ሲጻፍ «ሲነክዶች» የሚመስል ነገር ነው። መዝገበ ቃላቱን ከፍቼ በመጽሐፉ ህዳግ ላይ «ሰኔክደኪ» ብዬ ጻፍኩ፤ «ኔ»ዋን በእርሳስ አሰመርኩባት። አለቀ። አምስት ፊደል፣ አንድ መስመር። ሳነበው ከቀረጻው ድምፅ ጋር ገጠመ።

መስመሯ ነገር አላት። የኛ አማርኛ ክፍለ ቃላቱን በእኩል ጉልበት ነው የሚጠራው ለማለት ይቀርባል። እንግሊዝኛ ግን አንዱን ክፍል ይመታል፣ ሌላውን ይውጠዋል። የሚመታውን ከሳታችሁ ድምፆቹ ሁሉ ትክክል ቢሆኑም ሰሚው ቃሉን አያውቀውም። መዝገበ ቃላቱ ከሚመታው ክፍል በፊት ትንሽ ቁም ጭረት ከፍ አድርጎ ያስቀምጣል። ረጅም ቃል ከሆነ ደግሞ ለስለስ ብሎ የሚመታውን ክፍል ዝቅ ባለ ጭረት ያሳያል። መጀመሪያ ላይ ቁብ አልሰጠሁትም ነበር። አሁን ከድምፁም በፊት የማየው እሱን ነው። ማጋነን የሚባለውን ዘይቤ ስንቱ የተማረ ሰው «ሃይፐርቦል» እያለ ሲያነበው ሰምቻለሁ። «ሃይፐርበሊ» ነው፤ የሚመታው «ፐር» ነው። ቃሉን በዓይኑ እንጂ በጆሮው ያልተዋወቀ ሰው ከየት ያምጣው?

ይህ ነገር ለኛ ሊገርመን አይገባም። ራሳችን «ገና» ብለን እንጽፋለን። ጠብቆ ሲነበብ በዓሉ ነው፣ ላልቶ ሲነበብ ያልደረሰው ነገር ነው። «አለ» ብለን እንጽፋለን፤ ተናገረ ይሁን ኖረ ፊደሉ አይነግረንም። የሚነግረን ጆሯችን ነው። ለእንግሊዝኛ ያ ጆሮ የለንም። ስለዚህ መበደር አለብን።

ብርቅ ቃል ላይ ስንደርስ መዝገበ ቃላቱ በእውነት የሚፈተነው እዚያ ነው። ለነገሩ የእንግሊዝኛ መዝገበ ቃላት የተወለዱት ለብርቅ ቃላት ነው። በ1604 ዓ.ም. ሮበርት ኮድሪ ያሳተመው የመጀመሪያው የእንግሊዝኛ በእንግሊዝኛ መዝገበ ቃላት 2,500 ያህል ቃላት ነበሩት፤ የተመረጡትም ከባድ ቃላት ብቻ ናቸው። «ዳቦ» ወይም «ቤት» ምን ማለት እንደሆነ ማን ይጠይቃል? አነባበብ ግን አልነበረውም። ሳሙኤል ጆንሰን በ1755 ባወጣው ታላቅ ሥራ የሚመታውን ክፍል ብቻ ምልክት አደረገ። በሙሉ አነባበቡ ላይ ያተኮረውና ተወዳጅ የሆነው የጆን ዎከር መዝገበ ቃላት በ1791 ወጣ። ድምፁን ራሱን ለመስማት ደግሞ ኮምፒውተር እስኪመጣ መጠበቅ ግድ ሆነ።

አንድ ቃል በቅርበት ላሳያችሁ። ከረጅም ደረቅ ጊዜ በኋላ የመጀመሪያው ዝናብ መሬት ሲነካ የሚነሳውን ሽታ ሁላችንም እናውቀዋለን። እንግሊዝኛ ለዚህ ሽታ ስም አለው። በልቤ ለዓመታት «ፔትሪቾር» እያልኩ ኖሬያለሁ። ገጹን ከፍቼ ስነካው «ፔትረኮር» አለ። የሚመታው «ፔት» ነው። ሲና ኤች አብረው የመጡት ከግሪክ ስለሆነ እንደ ከ ይነበባሉ። ትርጉሙ እንደ አማተር ግጥም አልተወሳሰበም። ሞቃትና ደረቅ ጊዜን ተከትሎ ከዝናብ ጋር የሚመጣ፣ የአፈር ጠረን ያለው፣ ብዙውን ጊዜ ደስ የሚል ሽታ ነው ይላል። «ብዙውን ጊዜ» የምትለዋን ወደድኳት። ሽታው የማይጥመውን ሰው ትርጉሙ ውስጥ አስገብታዋለች።

ቃሉ መጀመሪያ የታየበት ዓመትም አለ፤ 1964። በጣም ገረመኝ። ጥንታዊ ቃል መስሎኝ ነበር። ኢዛቤል ቤርና ሪቻርድ ቶማስ የሚባሉ ሁለት የአውስትራሊያ ተመራማሪዎች ናቸው ኔቸር በተባለው የሳይንስ መጽሔት ላይ በጻፉት ጽሑፍ የፈጠሩት። በደረቁ ወቅት ከዕፅዋት የሚወጣ ዘይት በድንጋይና በአፈር ላይ ይጠራቀማል፤ ዝናቡ ሲመጣ ወደ አየር ይለቀቃል። የአፈር ውስጥ ባክቴሪያዎች የሚሠሩት ጂኦስሚን የተባለ ንጥረ ነገርም ይጨመርበታል። ስሙን ከሁለት የግሪክ ቃላት አዋሐዱት። አንደኛው ድንጋይ ነው። ሁለተኛው በግሪኮች ተረት በአማልክት ሥር ውስጥ የሚፈሰው ፈሳሽ፤ የአማልክት ደም ማለት ነው። ሁለት ሳይንቲስቶች ስለ ሸክላ አፈር ጽሑፍ ሲያዘጋጁ እንዲህ ያለ ስም ማውጣታቸውን ሳስብ ልቤ ይሞቃል። ምዕራፉን ስቀርጽ ቃሉ ጋ ስደርስ ድምፄ ራሱ ተለወጠ። ምን እንደያዝኩ አውቄ ነበርና።

ሌላም አለ። ፀሐይ፣ መሬትና ጨረቃ በአንድ መስመር ሲሰለፉ፣ ግርዶሽ ሲሆን እንደምናየው ማለት ነው፣ ለዚያ አሰላለፍ የሚጠቀሙበት ቃል። በእንግሊዝኛ ሲጻፍ ስድስት ፊደል ነው፤ ከስድስቱ ሦስቱ ዋይ ናቸው። ፊደሉን ያየ ሰው ከየት እንደሚጀምር ግራ ይገባዋል። ድምፁ ግን ቀላል ነው፤ «ሲዘጂ»፣ የሚመታው «ሲ»። ምንጩን ሳነብ ደግሞ ግሪኩ በአንድ ቀንበር የተጠመዱ ማለት ሆኖ አገኘሁት። ቀንበር ለሚያውቅ ሰው ከዚህ በላይ ማብራሪያ አያስፈልግም። ሦስት የሰማይ አካላት እንደ በሬ ተጠምደው ታዩኝ።

ሰውን በመስኮት መወርወር የሚል ቃልም አለ፤ «ዲፌነስትሬይሽን»። በ1618 ፕራግ ላይ ሦስት ሰዎች ከቤተ መንግሥት መስኮት ተወርውረው ተርፈዋል፤ የሠላሳ ዓመቱ ጦርነትም በዚያ ተቀሰቀሰ። መዝገበ ቃላቱ ሁለተኛውን ፍቺም አይረሳም፤ ሰውን ከሥልጣን በፍጥነት ማባረር። ጋዜጣ ላይ የምታገኙት ይህኛውን ነው። የመጀመሪያውን ብቻ የሚነግራችሁ የብርቅ ቃላት ዝርዝር በየቦታው ሞልቷል። በዚያ ዝርዝር ጋዜጣ የሚያነብ ሰው «ሚኒስትሩ በመስኮት ተወረወሩ» ብሎ ሊደነግጥ ነው።

ከሁሉ በላይ የወደድኩት ግን ሐቀኝነቱን ነው። ማሽኑ አንድ ነገር ይልና ዝም ይላል። ይህ መዝገበ ቃላት ሰዎች ቃሉን በሁለት ወይም በሦስት መንገድ የሚጠሩት ከሆነ ሁሉንም ያስቀምጣል። የሳምባ ነቀርሳ የድሮ የሕክምና ስም በፒ፣ ኤች፣ ቲ፣ ኤች ይጀምራል። አራት ተነባቢ ፊደል በአንድ ላይ! ፒዋ አትሰማም። «ታይሰስ» የሚሉ አሉ፣ «ቲሰስ» የሚሉ አሉ፤ መጀመሪያው ላይ ምላስን በጥርስ መሀል የሚያደርጉም የማያደርጉም አሉ። ሁሉም ተጽፏል። ሁለተኛ የተጻፈው ስህተት ነው ማለትም አይደለም። የተማሩ ሰዎች በእውነት የሚሉት ሁሉ ይገባል።

ግን ደግሞ አያሳፍራችሁም፣ አያታልላችሁምም። አንዳንድ አነባበብ በብዙ ሰው አፍ ይገኛል፤ ሌሎች ደግሞ ሲሰሙት ይቆጣሉ። ኑክሌር የሚለውን ቃል «ኑክየለር» ማለት ለምሳሌ። እንዲህ ዓይነቱ አነባበብ ፊት የሒሳብ የማካፈል ምልክት ትቀመጣለች። ትርጉሟ «ይህን የሚሉ አሉ፣ የሚቃወሙትም አሉ፣ አውቀህ ግባበት» ነው። በአንዲት ትንሽ ምልክት ሰውን እንዲህ ማክበር ይቻላል ብዬ አስቤ አላውቅም። ለኔ ሥራ ደግሞ ወርቅ ናት። የማካፈል ምልክት ካየሁ ያንን አነባበብ አልቀርጸውም፤ ገጸ ባሕሪው ራሱ እንደዚያ የሚናገር ሰው ካልሆነ በቀር።

መዝገበ ቃላት ይሳሳታል ወይ? ይሳሳታል። የዚሁ ቤት ታሪክ ውስጥ የታወቀ አለ። በ1931 አንድ የኬሚስትሪ አርታኢ «ካፒታል ዲ ወይም ትንሿ ዲ፤ ዴንሲቲ» የሚል ካርድ ላከ። የዴንሲቲ ምህጻረ ቃል ዲ ነው ለማለት ነበር። ካርዱ ከቦታው ተሳሳተና ሁለቱ ዲዎች በመሀላቸው ካለው «ኦር» («ወይም» ማለት ነው) ጋር ተገጣጥመው «ዶርድ» የሚባል ቃል ሆኑ። በ1934 በታተመው ትልቁ መዝገበ ቃላት ውስጥ ገባ። አነባበብም ተሰጠው! በ1939 አንድ አርታኢ የቃሉ ምንጭ አለመጻፉን አይቶ እስኪመረምረው ድረስ ማንም አላወቀም። እንዲህ ያለውን ሕይወት የሌለው ቃል እንግሊዞቹ የሙት መንፈስ ቃል ይሉታል። ይህን ታሪክ ካነበብኩ ወዲህ በጣም ብርቅ የሆነ ቃል ሲገጥመኝ የምንጩን መስመር ሳላይ አላልፍም።

የሚጎድለውን ልናገር። ድምፁ የአሜሪካ ነው። የእንግሊዝ አነባበብ ሲለይ አንዳንዴ በጽሑፍ ይጠቁማል፤ የሚያነብላችሁ ግን አሜሪካዊ ነው። መጽሐፉ የእንግሊዝ ከሆነ ካምብሪጅ የድረ ገጽ መዝገበ ቃላት ላይ ሁለቱንም ጎን ለጎን እሰማለሁ። የተራ ቃላት ጎተራ እሱ ነው፤ የቃላት ታሪኩ ግን እንደ ሜሪያም ዌብስተር አያጠግብም። የሜሪያም ዌብስተር ገጽ ነፃ ስለሆነ ማስታወቂያ አለው። የዚሁ ቤት ትልቁና ያልተቆረጠው መዝገበ ቃላት ደግሞ በክፍያ ነው፤ እጅግ ብርቅ የሆኑ ቃላትን ፍለጋ ስትሄዱ በሩ እዚያ ላይ ይዘጋል።

የመጨረሻው ዳኛ ኦክስፎርድ ነው። የመጀመሪያው ክፍል በ1884 ወጥቶ ሥራው የተጠናቀቀው በ1928 ነው። በ1989 የታተመው ሁለተኛ እትም ሃያ ቅጽ ነው። አንድን ነገር ከምንም አለመቁጠር የሚል ትርጉም ያለውን ባለ 29 ፊደል ቃል እዚያ ታገኙታላችሁ፤ ዊልያም ሼንስቶን የተባለ ባለቅኔ በ1741 በደብዳቤ ላይ እንደጻፈው ጭምር። እሱም በክፍያ ነው። ቤተ መጻሕፍት አባል ለሆነ ሰው ግን ብዙ ጊዜ በቤተ መጻሕፍቱ በኩል ይከፈታል፤ እኔም እንደዚያ ነው የምጠቀመው። ዊክሽነሪ ነፃ ነው። ከ2002 ጀምሮ በጎ ፈቃደኞች የሚሠሩት ነው፤ ሌላ ቦታ የሌለ ቃል አለው። ፎርቮ የሚባል ድረ ገጽ ላይ ደግሞ ሰዎች የራሳቸውን ቋንቋ በራሳቸው ድምፅ ያስቀምጣሉ። ለሰውና ለቦታ ስም ከሱ የሚሻል አላየሁም።

አጠቃቀሜን ልንገራችሁ፤ ምናልባት ለሚያስተምር ወይም ለሚያስተረጉም ሰው ይረዳል። ምዕራፉን ከመቅረጼ በፊት ባለው ምሽት በእርሳስ አነበዋለሁ። የምጠራጠረውን ቃል ሁሉ አሰምራለሁ። አውቀዋለሁ ብዬ የማስበውንም፣ ሰው ሲለው ሰምቼው የማላውቅ ከሆነ አሰምርበታለሁ። ትልቁ ወጥመድ እሱ ነው። ከዚያ እየከፈትኩ ሦስት ጊዜ እሰማለሁ። አንዴ ዝም ብዬ፣ አንዴ የሚመታውን በጣቴ ጠረጴዛ እየመታሁ፣ አንዴ አብሬ እያልኩ። ህዳጉ ላይ በፊደላችን እጽፈዋለሁ። የሌለን ድምፅ ሲመጣ፣ ምላስ በጥርስ መሀል የሚገባበትን ማለቴ ነው፣ «ት» ጽፌ ከላይዋ ነጥብ አደርጋለሁ። ደብተሬ ላይ አሁን ከ400 በላይ ቃላት አሉ።

በቅርቡ ያቺው ልጅ እንደገና ጻፈችልኝ። ስለ ግሪክ ተረት የቀረጽኩትን እየሰማች ነበር። ከምድር በታች ያለውን ዓለም የሚመለከት የሚል ትርጉም ያለው ቅጽል አለ፤ «ቶኒክ» ብዬ ነው ያነበብኩት፣ ባለ ነጥቧን «ት» ይዤ። በትክክል። «እትዬ፣ ቃሉን መዝገበ ቃላት ላይ አጣሁት። በቲ ፈለግሁ፣ በቲ ኤች ፈለግሁ፣ የለም» አለችኝ።

እውነቷን ነው። በሲ ነው የሚጀምረው። ሲ፣ ኤች፣ ቲ፣ ኤች፣ ኦ፣ ኤን፣ አይ፣ ሲ። ግሪኮቹ መጀመሪያ ላይ ያሉትን ሁለቱንም ድምፆች ይጠሯቸው ነበር፤ እንግሊዝኛ የመጀመሪያውን ተወው፣ ፊደሉን ግን አልጣለውም። ይህን ጻፍኩላትና ተቀምጬ አሰብኩ። እኔ ፊደሉ ኖሮኝ ድምፁ ሲጠፋኝ መዝገበ ቃላቱ ይደርስልኛል። እሷ ድምፁ ኖሯት ፊደሉ ሲጠፋት የትኛው ይደርስላታል? የትኛውም በፊደል ነው የሚከፈተው። ሜሪያም ዌብስተር የተሳሳተ ፊደል ስትጽፉ የሚቀራረቡ ቃላትን ይጠቁማል፤ ለተራ ቃል ይሠራል። በቲ ተነስቶ ሲ ጋ መድረስ ግን ሩቅ ነው።

ከዚያ ወዲህ በየምዕራፉ ቅጂ መጨረሻ ላይ ሁለት ደቂቃ እጨምራለሁ። ያሰመርኩባቸውን ቃላት አንድ በአንድ እጠራለሁ፤ ፊደላቸውን እቆጥራለሁ፤ ፍቺያቸውን በአጭሩ እናገራለሁ። ትናንት የጨረስኩት ምዕራፍ ዘጠኝ ቃላት ነበሩት። «ቪትልዝ» እንደገና መጥታ ነበር፤ ልጅቷ ብታውቃትም ቆጠርኩላት። ቪ፣ አይ፣ ሲ፣ ቲ፣ ዩ፣ ኤ፣ ኤል፣ ኤስ።